ከ«ፍሬን አልይዝም» በኋላ

ራቤል ከተማ ውስጥ የሙነወር ጀላሉን ፊት የማያውቅ ሰው ሊኖር ይችላል፤ የሙዚቃውን ምት፣ ቢቱን፣ የማያውቅ ግን አልነበረም።

አባቱ አቶ ጀላሉ ገበያው ዳር የጨርቃ ጨርቅ ሱቅ አላቸው። ልጃቸው ኮምፒውተር ይማር ብለው ደብረ ብርሃን ላኩት፤ ተምሮም መጣ። የተማረውን ግን ሙዚቃ ላይ አዋለው። በላፕቶፕ ከበሮ ይመታል፣ በላፕቶፕ ባስ ይጎትታል፣ በአንዲት አሮጌ ኪቦርድ የቀረውን ይሞላል። ላፕቶፑ ውስጥ ያልተገኘችው ዘፋኟ ብቻ ነበረች። እሷ ቀየት ከምትባል አገር መጣች። ተሾመች ትባላለች፤ ድምፅዋ ከገደል ማዶ ላለ ሰው መልእክት ለማድረስ የሚበቃ ነበር። ማይክ የሚሰጧትም ለደንቡ ያህል ነው።

ሁለቱ የሠሩት «ፍሬን አልይዝም» የሚል ዘፈን በአንድ ክረምት ከመንዝ እስከ መርሐቤቴ ተዳረሰ። ፍቅር ይዟት የማትቆም ልጅ ዘፈን ነው። ሚኒባሶቹ ሁሉ ጫኑት። ቁልቁለት ሲጀምር ግን ተሳፋሪው ሹፌሩን መለመን ያዘ። አንዲት እናት «ልጄ፣ ሜዳው ላይ ስንደርስ ትከፍተዋለህ፤ ማን ይከለክልሃል» አሉ ይባላል። ሹፌሮቹም ተስማሙ። እንዲህ ሆኖ ዘፈኑ ገደል በበዛበት አገር ታዋቂ ሆነ፤ የሚሰማው ግን ሜዳ ላይ ብቻ ነበር።

አቶ ጀላሉ ከመስጊድ ሲመለሱ ዘፈኑ ከአንድ ሱቅ ሲጮህ ይሰማሉ። አጠገባቸው የሚሄድ ሰው «የልጅዎ ዘፈን እኮ ነው» ሲላቸው መልሳቸው ሁልጊዜ አንድ ነው። «ልጁ የኔ ነው፤ ዘፈኑ የልጁ ነው» ይላሉ።

ጥቂት ዓመታት እንዲህ አለፉ። ጥር ሲገባ ሰርግ አለ፤ ክርስቲያኑም ይጠራቸዋል፣ እስላሙም ይጠራቸዋል። ከዚያ ሁሉም ነገር አንድ ላይ ቆመ። መንገዱ አንድ ሰሞን ይከፈታል፣ አንድ ሰሞን ይዘጋል። ሰርገኛው ድግሱን አሳንሶ ከቅርብ ዘመድ ጋር መጨረስ ጀመረ። ኔትወርክ ስለሚጠፋ አዲስ ዘፈን ቢለቀቅም የሚያየው የለም። በዚህ መሀል ተሾመች ደወለች።

«ነርሲንግ ልማር ነው» አለችው።

«መቼ?»

«ተመዝግቤያለሁ።»

«ዘፈኑስ?»

«ዘፈኑንማ ዘፈንነው» አለችው።

ሙነወር ሌሎች ዘፋኞች ሞከረ። አንደኛዋ ጥሩ ትዘፍናለች፤ እናቷ ግን አብረዋት እየመጡ በየስንኙ ያርማሉ። ሌላኛው ድምፅ ነበረው፤ ይሉኝታ ስለበዛበት ግን ሰው ፊት አይወጣም። በመጨረሻ ሙነወር ራሱ ለመዝፈን ሞከረ። ቀረጸው፣ አዳመጠው፣ አጠፋው። ስለዚያ ቀን ከዚህ በላይ ተናግሮ አያውቅም።

የቀረው ስፒከርና ጄኔሬተር ነበር። ለስብሰባም ለምረቃም እያከራየ ቆየ። ሰርግ ላይ ሰው ጨፍሮ ላቡን ሲጠርግ ያይ ነበር፤ ሥራው ጥሩ መሆን አለመሆኑን የሚያውቀውም በዚያ ነበር። ስብሰባ ላይ ላብ የሚጠርግ የለም። አንዳንዱ ቀን ስፒከሩን ከነጭራሹ ሳይከፍት «ተሰማ ወይ?» ብሎ ቢጠይቅ ሰው «ተሰምቷል» የሚል ይመስለው ነበር።

ከአዲስ አበባ ፊልም ሠሪዎች ወደ ጓሳ ሜዳ መጡ፤ ጄኔሬተሩንም ተከራዩት። ሙነወር ጄኔሬተሩን ለማንም አምኖ ስለማይሰጥ አብሮት ሄደ። የፊልሙ ባለቤትና አዘጋጅ አመተሥላሴ የምትባል ሴት ናት። ሁለት ሹራብ ደርባ፣ ከላይ ብርድ ልብስ ተከናንባ፣ ብርዱን ሰው ሆን ብሎ እንደላከባት ስድብ ትቆጥረው ነበር። ፊልሙ የሁለት ወንድማማቾች ታሪክ ነው። የጓሳው ሣር እንዳይነካ በአገሩ ደንብ በተዘጋበት ወቅት የአንደኛው በጎች ሣሩ ውስጥ ገብተው ተገኙ፤ ሌላኛው መሰከረበት፤ ተኳረፉ። ከብዙ ዓመት በኋላ ታላቅየው ሊታረቅ በፈረስ ተነሥቶ ሜዳውን ያቋርጣል። ታላቅየውን ሆነው የሠሩት ጋሼ ፈንታ የሚባሉ የገብስ ገበሬ ናቸው። መጀመሪያ የተመረጠው ፈረሳቸው ነበር፤ ፈረሱ ከሳቸው በቀር ሌላ ሰው አላስቀምጥ ስላለ እሳቸውም ተዋናይ ሆኑ።

የጄኔሬተሩ ድምፅ ከተዋንያኑ ንግግር ጋር እየተቀላቀለ አስቸገረ። ድምፅ ቀራጩ ማዳመጫውን እንዳደረገ ወደ ኋላ ሂድ እያለ በእጁ ምልክት ሰጠው። ሙነወር ጄኔሬተሩን አራቀው። አሁንም በእጁ ምልክት ሰጠው። ቀኑ ሳይገባደድ ሙነወርና ጄኔሬተሩ ከጉብታ ጀርባ፣ ፈረሱም ካሜራውም በማይታይበት ቦታ ተቀመጡ። ከፊልሙ ጋር የሚያገናኛቸው ረጅም ገመድ ብቻ ነበር።

ሥራው ነዳጅ መጨመርና መቀመጥ ነው። ኪቦርዱን ይዞ ነበር። ጄኔሬተር አንድ ድምፅ ብቻ ነው ያለው፤ ያንኑ ይዞ ይውላል። ሙነወር ድምፁ ከኪቦርዱ የትኛው ቁልፍ ጋር እንደሚገጥም ፈለገ፤ አገኘው። በማግስቱ ከሱ በላይ ሌላ ድምፅ ደረበበትና ጣቱን ሳያነሳ ቆየ። ሰርግ ላይ እንዲህ ቢያደርግ ኪቦርዱ ተበላሸ ተብሎ ሰው ይሰበሰብበት ነበር። እዚህ የሚሰበሰብ የለም። ጥቂት ጭላዳ ዝንጀሮዎች ሣር መንጨታቸውን ትተው አዩትና ወደ ሣራቸው ተመለሱ።

አመተሥላሴ ብርድ ልብሷን እየጎተተች ጉብታውን ዞራ መጣች።

«ይሄ ጄኔሬተር አሁንም ይሰማል» አለችው።

«ይሰማል» አለ ሙነወር።

«ከሱ ላይ ያለው ምንድን ነው?»

«እሱ እኔ ነኝ።»

አመተሥላሴ ለመቆጣት ነበር አመጣጧ። ባዶ ጀሪካን ስባ ተቀመጠችና «እስቲ ቀጥል» አለችው። ቀጠለ። ነፋሱ ብርድ ልብሷን ያወዛውዘዋል፣ እሷ ግን አልተነቃነቀችም። ሲያቆም ከዚህ በፊት ምን ይጫወት እንደነበር ጠየቀችው፤ ነገራት።

«አውቀዋለሁ» አለች። «ስንመጣ ሹፌሩ ቁልቁለቱ ላይ አጠፋው።»

«ልማድ ነው።»

«ለፊልሙ ሙዚቃ ትሠራልኛለህ?»

«ዘፋኝ የለኝም እኮ።»

«ዘፋኝ አልፈልግም።»

«ታዲያ ምን ይጨፈርበታል?»

«ምንም አይጨፈርበትም።»

ሙነወር አሰበበት። ሰው እንዳይጨፍር ተብሎ የተሠራ ሙዚቃ በእጁ ገብቶ አያውቅም። እሺ አለ፤ ሌላ የጠራውም አልነበረም።

ቤት እንደተመለሰ ለአባቱ ነገራቸው። አቶ ጀላሉ አቡጀዲ እየለኩ ነበር፤ መለካታቸውን አላቆሙም።

«ይዘፈንበታል?» አሉት።

«አይዘፈንበትም፣ አባ።»

«እስክስታስ?»

«የለውም።»

«ታዲያ ምን ይደረግበታል?»

«አንድ ሽማግሌ በፈረስ ይሄዱበታል።»

አቶ ጀላሉ ጨርቁን ቀደዱና «አልሐምዱሊላህ» አሉ። በዚያው ቀን ከሱቁ በስተኋላ ያለውን የዕቃ ክፍል ለቀቁለት። ክፍሉ እስከ ጣሪያው በጣቃ የተሞላ ነው፤ ጨርቁ ድምፅ ስለሚውጥ ለቀረጻ ከዚያ የተሻለ ቦታ በከተማው አይገኝም። ልጃቸው ከዘፈን ተመለሰ ብለው አምነዋል። ሙነወርም አላስተባበለም።

ኔትወርኩ ስለማይታመን የፊልሙ ቁራጭ በፍላሽ በሚኒባስ ይመጣለታል፤ ሠርቶ በዚያው ይመልሳል። መጀመሪያ ጋሼ ፈንታ ሜዳውን የሚያቋርጡበትን ሠራ። የፈረሱን ኮቴ ቆጥሮ ቢት አስገባበት፣ ባስ ጨመረ፣ ጭብጨባ ጨመረ። ፈረሱ የሚገርም ሆነ። አመተሥላሴ ደወለች።

«ሽማግሌው የሚሄዱት ወንድማቸው ጋ ነው» አለች። «ሰርግ የሚሄዱ አስመሰልካቸው።»

ቢቱን አወጣ። በምትኩ ብዙ ክራር የሚያለቅስ የሚመስል ድምፅ ከላፕቶፑ አገላብጦ ደረደረ። ላከ። ደወለች።

«ወንድማቸው ገና ሳይሞት ለምን ታለቅሳለህ?»

«ይሞታል አይደል?»

«እኛ ተመልካቾቹ ገና አላወቅንም። ቀንስ።»

ቀነሰ። አሁንም ቀንስ አለችው። አሁንም ቀነሰ። አንድ ረጅም ድምፅ ብቻ ሲቀር «አሁን መጀመር እንችላለን» አለችው። ሙነወር ስልኩን ዘግቶ ጣቃ ላይ ተቀመጠ። ሥራ ማለት መጨመር ነበር የሚመስለው። ሰው ከተቀመጠበት የሚነሣው የሆነ ነገር ሲጨመር ነው። አሁን ፊቱ የሚነሣ ሰው የለም፤ በሩቅ ያለች አንዲት ሴት ቀንስ ትለዋለች። ለብዙ ቀን ላፕቶፑን አልከፈተውም። ሱቅ ውስጥ አባቱን እያገዘ ጨርቅ ሲያወርድና ሲሰቅል ሰነበተ። አባቱም አልጠየቁትም። በሦስተኛው የገበያ ቀን ግን «ሽማግሌው አልደረሱም እንዴ?» አሉት። ሙነወር ተመልሶ ገባ።

ያን ሰሞን ያንን ረጅም ድምፅ ሲሞክረው ይውል ነበር። አንዲት ደንበኛ ሻሽ እየመረጡ ጆሯቸውን ወደ ኋላ ክፍል ጣል አደረጉ።

«ውስጥ የታመመ ሰው አለ?» አሉ።

«ልጄ ነው» አሉ አቶ ጀላሉ።

«አላህ ይማረው።»

አቶ ጀላሉ እንዴት እንደሚያስረዱ ስላልታወቃቸው «አሚን» አሉ። በማግስቱ ሁለት ጎረቤቶች ሊጠይቁት መጡ፤ አንደኛዋ እርጎ ይዘው ነበር። ሙነወር እርጎውን ጠጣና አመሰገነ።

የቀረው መጨረሻው ነው። ሽማግሌው የወንድማቸው ደጅ ሲደርሱ ድንኳን ተጥሎ ያያሉ፤ ሰዎች ኩታቸውን አዘቅዝቀው ተቀምጠዋል። ጋሼ ፈንታ ከፈረስ አይወርዱም። ዝም ብለው ያያሉ። አመተሥላሴ «እዚህ ጋ አንድ ነገር ያስፈልገኛል፤ ምን እንደሆነ ግን አላውቅም» አለችው። እሱም አላወቀም።

ተሾመች ለዕረፍት ወደ ቀየት መምጣቷን ሰምቶ ደወለላት። መጣች። የጨርቁ ክፍል ውስጥ ቆማ ምስሉን ያለድምፅ አየችው።

«ምን ብዬ ልዝፈን?» አለች።

«ግጥም የለውም።»

«ግጥም ከሌለው ምን እላለሁ?»

«ምንም አትይ።»

«ታዲያ ምን ብለህ ጠራኸኝ?»

«ድምፅሽን ፈልጌ።»

ተሾመች ራሷን ነቀነቀችና ማይኩ ፊት ቆመች። ግጥም የሌለውን አንጎራጎረችው። ድምፅዋ ትምህርት ቤት ገብቶ አልቀነሰም፤ ሱቁ ውስጥ አቶ ጀላሉ ለደንበኛ የሚያወሩትን አቋረጡ። ስትጨርስ ሻይ ጠጥታ ሄደች።

ሙነወር የቀረጸውን ከምስሉ ጋር ገጠመው። ያምራል። ችግሩም ማማሩ ነበር፤ ጋሼ ፈንታ ጠፍተው ተሾመች ብቻ ቀረች። ምናልባት ይሆን እንደሆነ ብሎ ማጽዳት ጀመረ። ዘፈን ሲሠራ ሁልጊዜ መጀመሪያ የሚያደርገው አንድ ነገር ነበር፤ ዘፋኟ በስንኝና በስንኝ መካከል አየር የምትስብበትን ድምፅ እየቆረጠ ይጥላል። ትንፋሽ ዘፈን ውስጥ ቆሻሻ ነው ተብሎ ነው የተማረው። እጁ በልማድ ቆረጠና ትንፋሾቹን ለብቻቸው ከታች ደረደራቸው። ሊያጠፋቸው ሲል ምስሉ እየሄደ ነበር። ጋሼ ፈንታ ድንኳኑን አዩ፤ ተሾመች አየር ሳበች፤ ከዚያ በኋላ የሚመጣ ዘፈን አልነበረም።

መልሶ አየው። ሦስተኛ ጊዜ ሲያየው እሱም ትንፋሹን ይዞ እንደነበር አወቀ።

ዘፈኑን በሙሉ አወጣ። አንዲቱን ትንፋሽ ብቻ አስቀረ። ፍላሹን ለሹፌሩ ሰጠ። ከቀናት በኋላ አመተሥላሴ ደወለች፤ ሰላምታ ከሰጠች በኋላ ግን ድምፅዋ ጠፋ። ሙነወር ኔትወርኩ የተቋረጠ መሰለው።

«ሄሎ?»

«አለሁ» አለች። «እንዳትነካው።»

ፊልሙ ሲያልቅ መሐል ሜዳ ከተማ፣ አዳራሽ ውስጥ አንድ ከሰዓት በኋላ ታየ። ሙዚቃው የሙነወር ነው የሚለው ወሬ ቀድሞ ስለደረሰ ወጣቱ አዳራሹን ሞላው። አመተሥላሴ በሰው ብዛት በጣም ተደሰተች፤ ለምን እንደመጡ ሙነወር አልነገራትም።

መብራት ጠፋ። ያ ረጅም ድምፅ ጀመረ። ከኋላ ፉጨት ተሰማ፤ ጭብጨባም ተከተለ። ቢት ከመምጣቱ በፊት እንዲህ ዓይነት ድምፅ እንደሚቀድም ሁሉም ያውቃል። ድምፁ ቀጠለ። አሁንም ቀጠለ። አንዱ «ልቀቀው!» ብሎ ጮኸ። ምንም አልተለቀቀም። ጋሼ ፈንታ በፈረስ መሄዳቸውን ቀጠሉ። አንዳንዱ ወጣት ፊልሙ እስኪጋመስ ድረስ ተስፋ አልቆረጠም።

አቶ ጀላሉ ከፊት ረድፍ ከልጃቸው ጎን ተቀምጠዋል። በየመሀሉ ጎንበስ እያሉ ይጠይቁታል።

«ይሄ ያንተ ነው?»

«እሱ ነፋስ ነው፣ አባ።»

«ይሄስ?»

«ይሄ የኔ ነው።»

«ከነፋሱ በምን ይለያል?»

«ነፋሱን አላስተካከልኩትም።»

ድንኳኑ ሲመጣ አዳራሹ ውስጥ የሚንቀሳቀስ አልነበረም። የተሾመች ትንፋሽ ተሰማ። ከመሀል አንዲት ሴት የነጠላቸውን ጫፍ አፋቸው ላይ አደረጉ። ልቀቀው ያለው ልጅም ወደ ፊት ሰገግ ብሏል። አቶ ጀላሉ ቆባቸውን አውልቀው ጉልበታቸው ላይ አስቀመጡት፣ ትንሽ ቆይተው መልሰው አደረጉት። ወደ ልጃቸው አልዞሩም።

«ይሄኛው ያንተ ነው» አሉ። ጥያቄ አልነበረም። ሙነወር በአዎንታ ራሱን ነቀነቀ።

ሲወጡ ጋሼ ፈንታን በር ላይ ሰው ከቧቸው ነበር። እንዴት አዩት ሲሏቸው «ፈረሱ ጥሩ ሠርቷል» አሉ። ፊልሙን ልታይ የመጣችው ተሾመች ሙነወርን ለይታ ያዘችው።

«ድምፄ የታለ?»

«ወጣ።»

«ሙሉ በሙሉ?»

«ትንፋሽሽ አለ።»

«ያ ሁልጊዜ ቆርጠህ የምትጥለው?»

«እሱ።»

ተሾመች አሰበችበት። «መጨረሻ ላይ ‹ድምፅ፦ ተሾመች› ተብሎ ተጽፏል እኮ።»

«ተጽፏል።»

«ቀየት ገብቼ የቱ ጋ ዘፈንሽ ሲሉኝ ምን ልበል?»

«ከመዝፈንሽ በፊት ያለውን በያቸው።»

ሳቀች፤ ግድግዳ ተደግፋ ሳቀች። ከዚያ መኪና እንዳያመልጣት ሮጠች።

ሙነወር አሁን በዚሁ ሥራ ይኖራል። አንዳንዴ አዲስ አበባ ይወርዳል፣ ብዙውን ጊዜ ግን የጨርቁ ክፍል ውስጥ ነው። ስለ አፈር ጥበቃ በተሠራ ፊልም ላይ ሠርቷል፤ አፈሩ ሲሸረሸር ያሳዝናል። አንድ የደሴ ሰው ለሳቅ ፊልም ቀጥሮት ነበር፤ ሰዎቹ ቀልድ ሲናገሩ ከሥር የሙነወር ድምፅ ሲገባ ተመልካቹ መሳቅ ይገባው አይገባው እንደሆነ አላወቀም። በሰላም ተለያዩ። ታዋቂ አይደለም። ፊልም ተመልካች ሙዚቃውን ሰማሁ ብሎ አይመጣም፤ ሙነወርም መጀመሪያ ቅር ይለው ነበር፤ አሁን ለምዶታል። ተሾመች ተመርቃ ጤና ጣቢያ ገብታለች።

ባለፈው ጥር የአክስቱ ልጅ ሀስና ተዳረች። ሙነወር ሰርግ ላይ ሳይሠራ ሲገኝ የመጀመሪያው ነበር። የሚቀመጥበት ጠፍቶት ትንሽ ተንከራተተና ከአባቱ አጠገብ ተቀመጠ። ሥጋው ሲቀርብለት እጁን ሰደደና ቆም አለ፤ ትኩስ ነው። የሰርግ ምግብ ትኩስ ሆኖ እንደሚቀርብ አያውቅም ነበር። ለሱ የሚደርሰው ዕቃው ሁሉ ከታሰረ በኋላ ነው። ለአባቱ ነገራቸው። አቶ ጀላሉ «እኛ ሁልጊዜ እንዲህ ነው የምንበላው» አሉት።

ኪቦርዱን የሚጫወተው ወጣት ሙነወርን ሲያይ ተነሥቶ ቦታውን ለቀቀለት። ሰዉ አጨበጨበ፤ ሙሽራዋም አጨበጨበች። ሙነወር እጁን ታጥቦ ሄደ፣ ተቀመጠ፣ አንድ ድምፅ ያዘ። ጣቱን አላነሳም። ጨፋሪው ትከሻውን አዘጋጅቶ ቆመ። ድምፁ ቀጠለ። ጨፋሪው አሁንም ቆመ። ሌላ ድምፅ ቀስ ብሎ ደረበበት። ከጓዳ የወጡት የሙሽራዋ እናት አክስቱ አሚናት ትሪ እንደያዙ በሩ ላይ ቆሙ፤ ልጃቸውን አዩ፣ ሰዉን አዩ፣ እሱን አዩ።

«ሙኒ፣ ልጄ» አሉት፣ «ና ብላ፤ ይቀዘቅዝብሃል።»

ሙነወር ተነሣና ሄዶ በላ።